ኮልሪጅን እንዴት እናጥና? ከ«ውርጭ በእኩለ ሌሊት» እስከ «ኩብላ ካን»

ሳሙኤል ቴይለር ኮልሪጅ (1772–1834) ተማሪን የሚያስቸግረው ግጥሙ ስለረቀቀ ብቻ አይደለም። ሰውየው የጻፈውን አይለቅም። ያሳተመውን ይሰርዛል፣ የሰረዘውን ይመልሳል፣ ከ20 ዓመት በኋላ ደግሞ በኅዳጉ ላይ ማብራሪያ ይጨምርበታል። ስለ ገዛ ሕይወቱ የሰጠው ምስክርነትም እንደ ግጥሙ ነው፤ በየጊዜው መልኩን ይለውጣል። ስለዚህ አንድ መድበል ከፍቶ፣ አንዲት ግጥም አንብቦ «ኮልሪጅ እንዲህ አለ» የሚል ሰው አብዛኛውን ጊዜ የትኛው ኮልሪጅ እንዳለው አያውቅም። የ25 ዓመቱ ወጣት ነው ወይስ የ45 ዓመቱ ጎልማሳ?

ይህ መመሪያ የተዘጋጀው በዚያ ጥያቄ ዙሪያ ነው። በሳምንት 5 ሰዓት ለሚመድብ ሰው 10 ሳምንት ይበቃዋል። ዓመታቱም ወራቱም ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው፤ በማስታወሻችሁም እንደዚያው ያዟቸው። ወሩን ሳያዩ 7 ወይም 8 እየቀነሱ ወደ እኛ አቆጣጠር ማዞር ስህተት ያመጣል፣ በኮልሪጅ ጥናት ደግሞ በበጋና በመኸር መካከል ያለው የጥቂት ወራት ልዩነት እንኳ ክርክር ያስነሳል። ምን ዓይነት ክርክር እንደሆነ «ኩብላ ካን» ላይ ስንደርስ ታዩታላችሁ።

አንድ ቃል አስቀድመን እናጥራ። «ሮማንቲክ ገጣሚ» ማለት የፍቅር ገጣሚ ማለት አይደለም። ከ18ኛው ክፍለ ዘመን ማብቂያ ጀምሮ ምናብን፣ ተፈጥሮን፣ ሕፃንነትንና የግለሰብን ውስጣዊ ስሜት የሥነ ግጥም ማዕከል ያደረጉ ጸሐፍት የሚጠሩበት ስም ነው። ከኮልሪጅ ታላላቅ ግጥሞች መካከል የሴት ፍቅር ዋና ነገሩ የሆነው አንዱ ቢሆን ነው፤ እሱም የተጻፈው ሊሆን ስላልቻለ ፍቅር ነው።

ደረጃ 1፦ መጽሐፉን መምረጥ

በነፃ የሚገኘው አስተማማኝ እትም የልጅ ልጁ ኧርነስት ሃርትሊ ኮልሪጅ በ1912 በኦክስፎርድ በኩል ያወጣው ባለ ሁለት ቅጽ መድበል ነው። የባለቤትነት መብቱ ጊዜ ስላለፈ የቆዩ መጻሕፍትን በሚያኖሩ ድረ ገጾች ላይ ሙሉው አለ። ጥቅሙ ያለው በግርጌ ማስታወሻው ውስጥ ነው፤ የቀደሙት ኅትመቶች በየትኛው ስንኝ ምን ይሉ እንደነበር ይዘረዝራል። ከግጥሙ እኩል የግርጌውን ትንሽ ፊደል ማንበብ ልመዱ። ጉድለቱ ደግሞ የ«ኩብላ ካን» የእጅ ጽሑፍ ለሕዝብ የታወቀው በ1934 ስለሆነ ይህ እትም እሱን አያውቀውም። የዩኒቨርሲቲ ቤተ መጻሕፍት መግባት የምትችሉ ከሆነ ጄ. ሲ. ሲ. ሜይስ ያዘጋጁትን የ2001 እትም ጠይቁ፤ እሱ ሥሪቶቹን ሁሉ ይዟል።

ከየድረ ገጹ የተቀዳ፣ ዓመቱና ምንጩ ያልተጻፈበት የግጥም ቅጂ ለጥናት አይሆንም። እንዲህ ያለው ቅጂ ብዙውን ጊዜ የመጨረሻውን ሥሪት የመጀመሪያው አስመስሎ ያቀርባል፤ የ1817ን ስንኝ የ1798 ብላችሁ ትጽፋላችሁ።

ስሙን ስትፈልጉም ተጠንቀቁ። ሳሙኤል ኮልሪጅ ቴይለር የሚባል (1875–1912) እንግሊዛዊ የሙዚቃ ደራሲ አለ፤ በገጣሚው ስም የተሰየመ ሌላ ሰው ነው። ሁለቱን የሚያቀላቅል ጽሑፍ አይጠፋም።

ደረጃ 2፦ አራት ዓምድ ያለው ሠንጠረዥ

የሕይወት ታሪኩን ከልደት እስከ ሞት በተከታታይ መሸምደድ ብዙም አይረዳም። በአንድ ትልቅ ወረቀት ላይ አራት ዓምድ አስምሩ፦ የተጻፈበት ጊዜ፣ መጀመሪያ የታተመበት፣ የተለወጠበት፣ በዚያን ጊዜ የት ከማን ጋር ይኖር እንደነበር። ግጥም ባነበባችሁ ቁጥር አንድ ረድፍ ሙሉ። አራተኛው ዓምድ ቀላል ቢመስልም ብዙ ነገር የሚገልጠው እሱ ነው፤ ምክንያቱም ኮልሪጅ ብቻውን ሆኖ የሠራው ትልቅ ሥራ ጥቂት ነው።

ለመነሻ የሚሆኑት እነዚህ ናቸው። ጥቅምት 21 ቀን 1772 በዴቨን፣ ኦተሪ ሴንት ሜሪ ተወለደ፤ አባቱ ቄስና የትምህርት ቤት ኃላፊ ነበሩ። አባቱ በ1781 ሲሞቱ ለንደን ወዳለው ክራይስትስ ሆስፒታል ትምህርት ቤት ተላከ (ስሙ ሆስፒታል ይበል እንጂ ሐኪም ቤት አይደለም)። እዚያ ቻርልስ ላምን ወዳጅ አደረገ። ካምብሪጅ ገብቶ በ1793 መጨረሻ ዕዳ ሲያጣድፈው ሳይለስ ቶምኪን ኮምበርባክ በሚል የፈጠራ ስም ፈረሰኛ ጦር ውስጥ ተቀጠረ። ፈረስ መጋለብ እንኳ በቅጡ አይችልም ነበር፤ በ1794 ጸደይ ወንድሞቹ አስወጡት። በዚያው ዓመት ከገጣሚው ሮበርት ሳውዚ ጋር ሆኖ አሜሪካ፣ ሳስኩሃና ወንዝ ዳር ንብረት የጋራ የሚሆንበት መንደር ለመመሥረት አቀደ። ዕቅዱ ፈረሰ፣ በዕቅዱ ሰበብ የመጣው ጋብቻ ግን ቀረ፤ ጥቅምት 4 ቀን 1795 የሳውዚን እጮኛ እህት ሣራ ፍሪከርን አገባ።

ከዚያ በኋላ ያሉት ሁለት ዓመታት የጥናታችሁ እምብርት ናቸው። በ1796 መጨረሻ ሰመርሴት ውስጥ ኔዘር ስቶዊ ወደምትባል መንደር ገባ። በሐምሌ 1797 ገጣሚው ዊልያም ዎርድስወርዝና እህቱ ዶሮቲ በእግር በሚደረስበት አልፎክስደን የሚባል ቤት ተከራዩ። በጥር 1798 ባለጸጎቹ የዌጅውድ ወንድማማቾች በዓመት 150 ፓውንድ ሊሰጡት ቃል ገቡ። በመስከረም 1798 ከዎርድስወርዝ ጋር ወደ ጀርመን ተጓዘ። ዛሬ ስሙ የሚነሣባቸው ግጥሞች በአብዛኛው በዚህ መሐል፣ ከአንድ ዓመት ብዙም በማይበልጥ ጊዜ ውስጥ የተጻፉ ናቸው። ሠንጠረዡ ሲሞላ ይህ መጨናነቅ በዓይን ይታያል።

ደረጃ 3፦ ከቀላሉ ጀምሩ

ብዙ ሰው በ«ኩብላ ካን» ይጀምርና እዚያው ይቀራል። መግቢያው ግን የጨዋታ ግጥሞቹ ናቸው፤ ገጣሚው ለወዳጁ፣ ለሚስቱ ወይም ለልጁ እንደሚያወራ ሆኖ፣ ቤት ሳይመታ የጻፋቸው።

በመጀመሪያው ሳምንት ሐምሌ 1797 የተጻፈውን የዛፍ ጥላ ግጥም («ዚስ ላይም ትሪ ባወር ማይ ፕሪዝን») አንብቡ። ሣራ ሳታስበው የፈላ ወተት እግሩ ላይ ስለደፋችበት፣ ላምና ሌሎቹ እንግዶች ለሽርሽር ሲወጡ እሱ ዛፍ ሥር ቀረ፤ ከተቀመጠበት ሆኖም ጉዟቸውን በምናቡ ይከተላል። በርዕሱ ያለው «ላይም» የሚለው ቃል ብዙ ተርጓሚ ያሳስታል። ሎሚ አይደለም፤ ሊንደን የሚባል ትልቅ የአውሮፓ ጥላ ዛፍ ነው። «የሎሚ ዛፍ እስር ቤቴ» ብሎ የተረጎመ ሰው ግጥሙን ገና በርዕሱ ወደ ሌላ አየር ንብረት ወስዶታል።

በሁለተኛው ሳምንት በየካቲት 1798 የተጻፈውን «ውርጭ በእኩለ ሌሊት» ያዙ። 74 ስንኝ ነው። ቤተ ሰቡ ተኝቷል፣ ሕፃን ልጁ ሃርትሊ አጠገቡ ነው፣ በምድጃው ብረት ላይ ስስ የጥላሸት ሽፋን ይርገበገባል። በዚያ አገር እንዲህ ያለው ጥላሸት «እንግዳ» ይባላል፤ የራቀ ወዳጅ ሊመጣ ነው ተብሎ ይታመናል። ይህን የማያውቅ አንባቢ መካከለኛው የትምህርት ቤት ትዝታ ከየት እንደመጣ ይጠፋበታል።

ሁለት ሥሪት ጎን ለጎን ማንበብ የምትለማመዱት እዚህ ነው። በመጨረሻው ሥሪት ግጥሙ የሚያበቃው በዝምታ ተንጠልጥለው ወደ ጸጥተኛዋ ጨረቃ በሚያበሩ የበረዶ ዘንጎች ላይ ነው። በ1798ቱ ግን ከጨረቃዋ በኋላ ሌላ 6 ስንኝ ነበር፤ ሕፃኑ ነገ የበረዶውን ጠብታ አይቶ ሲጮህ፣ ከእናቱ ክንድ ሊበርር ሲፍጨረጨር ያሳያል። ደስ የሚል ሥዕል ነው። ኮልሪጅ ቆረጠው፤ ግጥሙ ጭራው ራሱ ጋ እንደተጠመጠመ ነገር መጀመሪያው ላይ እንዲገጥም ፈልጎ። «የቅዝቃዜ ስውር አገልግሎት» ይል የነበረውንም «የውርጭ ስውር አገልግሎት» አድርጎ ከመክፈቻው ስንኝ ጋር አጋጠመው። ሁለቱን መጨረሻዎች በየተራ ጮክ ብላችሁ አንብቡና ምን እንደተገኘ፣ ምን እንደጠፋ በ5 ዓረፍተ ነገር ጻፉ። የጠፋው እናትየዋ መሆኗን ልብ ያላለ አንባቢ ደግሞ ያንብብ።

ደረጃ 4፦ ጆሮን ማስለመድ

የአማርኛ ግጥም ያደገበት ጆሮ ቀለም ይቆጥራል፤ የወል ቤት 6 እና 6 ብሎ 12 ቀለም ሲሞላ ልኩ ይደርሳል። በእንግሊዝኛው ግን ዋናው መቁጠሪያ ከበድ ተደርጎ የሚነገረው ቀለም ነው። ቀለሙን ብቻ የሚቆጥር ተማሪ ኮልሪጅን «ልኩን የሳተ» ሊለው ይችላል። በተለይ በ«ክሪስታቤል»፤ ገጣሚው ራሱ በመቅድሙ እንደተናገረው በዚያ ግጥም የስንኙ ቀለም ከ7 እስከ 12 ይለዋወጣል፣ ከበድ የሚሉት ግን ሁልጊዜ 4 ናቸው።

በጠረጴዛ ላይ እየመታችሁ ይህን ሞክሩ፦

ኢን ዛናዱ ዲድ ኩብላ ካን
ኤ ስቴትሊ ፕሌዠር ዶም ዲክሪ

በመጀመሪያው ስንኝ ምቱ የሚያርፈው በ«ዛ»፣ በ«ዱ»፣ በ«ኩ» እና በ«ካን» ላይ ነው፤ በሁለተኛው በ«ስቴት»፣ በ«ፕሌ»፣ በ«ዶም» እና በ«ክሪ» ላይ። አራት አራት። አምስተኛው ስንኝ፣ ወንዙ ፀሐይ ወደሌለው ባሕር የሚወርድበት፣ ሦስት ምት ብቻ አለው፤ ድምፁ ወንዙን ተከትሎ ይወድቃል። የእያንዳንዱ ስንኝ መጨረሻ ደግሞ በአንድ ተነባቢ የሚጀምሩ ሁለት ቃላት ይጋጠሙበታል፦ ኩብላ ካን፣ ዶም ዲክሪ፣ ሪቨር ራን፣ ሜዠርለስ እና ማን፣ ሰንለስ ሲ። አምስቱንም ስንኝ በቃላችሁ እስክትይዙ ድረስ ወደ ትርጉም አትሂዱ። ግዕዝ ቅኔ የተማረ ሰው ይህ አይደንቀውም፤ ዜማው ቀድሞ ይገባል።

ደረጃ 5፦ «የሽማግሌው ባሕረኛ ግጥም»

ለዚህ ግጥም ሁለት ሳምንት ስጡ። ሰባት ክፍል፣ በኋለኛው ሥሪት 625 ስንኝ ነው፤ ጮክ ተብሎ ሲነበብ ግማሽ ሰዓት ገደማ ይፈጃል። መጀመሪያ የታተመው በ1798 ከዎርድስወርዝ ጋር በጋራ ባወጡት «ሊሪካል ባላድስ» መክፈቻ ሆኖ፣ ሆን ተብሎ በጥንታዊ የፊደል አጻጻፍ ነው። አንባቢ ግራ ሲጋባ በ1800ው እትም አጻጻፉ ዘመናዊ ሆነ፣ ግጥሙም ከመጽሐፉ ፊት ወደ ኋላ ተገፋ፤ ዎርድስወርዝም ጉድለቶቹን የሚዘረዝር ማስታወሻ ጨመረበት። በ1817 ኮልሪጅ በኅዳጉ የስድ ንባብ ማብራሪያ አከለ። ዛሬ የምናየው ይህን ሦስተኛ መልኩን ነው።

አሠራሩ እንዲህ ነው። በመጀመሪያው ቀን ኅዳጉን በወረቀት ሸፍናችሁ ግጥሙን ብቻ አንብቡ። በሁለተኛው ቀን ግጥሙን ሸፍናችሁ ኅዳጉን ብቻ። በሦስተኛው ሁለቱን አንድ ላይ። የኅዳጉ ድምፅ የተረጋጋ፣ ሃይማኖተኛ፣ ለሁሉም ነገር ምክንያት ያለው የጥንት ሊቅ ድምፅ ነው፤ አንድምታ የሚተረጉም መምህር ይመስላል። ባሕረኛው ግን አልባትሮስ የተባለውን ትልቅ የባሕር ወፍ በቀስት የመታበትን ምክንያት አንድም ቦታ አይናገርም። ኅዳጉ ወንጀል፣ ግብረ አበርነት፣ ቅጣት ይላል፤ በግጥሙ ውስጥ ሞትና ባልንጀራው የሆነች ሴት በመርከበኞቹ ላይ ዕጣ የሚጣጣሉት በዳይስ ጨዋታ ነው። «ሞት በሕይወት» የሚለው የሴትየዋ ስም እንኳ በ1798ቱ ሥሪት የለም። ኅዳጉን እንደ መልስ ቁልፍ የሚጠቀም ተማሪ ገጣሚው በስተኋላ የፈጠረውን ገጸ ባሕርይ ራሱ ገጣሚው አድርጎ ይወስደዋል።

የሐሳቡ ባለቤትነትም ተደባልቋል። በኅዳር 1797 በእግር ጉዞ ላይ፣ ለጉዞው ወጪ የሚሆን 5 ፓውንድ የሚያስገኝ ግጥም በጋራ ሊጽፉ ሲወጥኑ፣ የአልባትሮሱን መገደል ያቀረበው ዎርድስወርዝ ነበር፤ በ1726 ከታተመ የካፒቴን ሼልቮክ የባሕር ጉዞ መጽሐፍ አግኝቶት። አጥንታም መርከቢቱ የመጣችው አንድ ጎረቤት ካየው ሕልም ነው።

መጨረሻው ላይ «አብልጦ የሚወድድ አብልጦ ይጸልያል» የሚል ሐሳብ ያለው ስንኝ ታገኛላችሁ። እሱን አንሥቶ የግጥሙ መልእክት ብሎ መደምደም የተለመደ ነው። ሚስስ ባርቦልድ የተባሉት ደራሲ ግጥሙ ምግባራዊ ትምህርት የለውም ብለው ሲወቅሱት፣ ኮልሪጅ እንዲያውም ትምህርቱ በዝቶበታል ብሎ እንደመለሰ በ1830 ተናግሯል። መሆን የነበረበት በሺህ አንድ ሌሊት እንዳለው ተረት ነው አለ፤ ነጋዴው የቴምር ፍሬ ጥሎ ጂኒ ተነሥቶ «ልገድልህ ነው፣ ፍሬው የልጄን ዓይን መታ» እንዳለው ዓይነት። 

አንድ ትንሽ ነገር፦ ታዋቂዋን የውኃ ስንኝ ስትጠቅሱ ሰው በአፉ እንደለመደው «ኤንድ ኖት ኤ ድሮፕ ቱ ድሪንክ» አትበሉ። የታተመው «ኖር ኤኒ ድሮፕ ቱ ድሪንክ» ነው።

ደረጃ 6፦ «ኩብላ ካን» እና ሁለቱ ምስክርነቶች

ርዕሱ የሞንጎሎቹ ንጉሠ ነገሥት ስም የሆነው ይህ ግጥም 54 ስንኝ ብቻ ነው፤ ሁለት ሳምንት ቢወስድ ግን አይበዛበትም። የታተመው በ1816 በገጣሚው ባይረን ግፊት ነው። መቅድሙን ሁሉም ያውቀዋል፦ ደራሲው በ1797 በጋ ታምሞ በፖርሎክና በሊንተን መካከል ወዳለ ብቸኛ የገበሬ ቤት ሄደ፣ ማስታገሻ ወሰደ፣ ሳሙኤል ፐርቻስ በ17ኛው ክፍለ ዘመን የጻፈውን የጉዞና የሃይማኖት መጽሐፍ እያነበበ እንቅልፍ ወሰደው። ሦስት ሰዓት ያህል ሲተኛ ከ200 እስከ 300 ስንኝ ተገጠመለት። ነቅቶ መጻፍ ሲጀምር ከፖርሎክ ለጉዳይ የመጣ ሰው ከአንድ ሰዓት በላይ አቆየው፣ የቀረውም ጠፋ።

አሁን ሁለተኛውን ምስክር አስቀምጡ። የክሩ የእጅ ጽሑፍ የሚባለው፣ ዛሬ በብሪቲሽ ላይብረሪ ያለው፣ የገጣሚው የገዛ እጁ ቅጂ ነው። ከግርጌው አጭር ማስታወሻ አለ፦ በ1797 መኸር፣ ከከልቦን ቤተ ክርስቲያን ሩብ ማይል በሚርቅ ገበሬ ቤት፣ ተቅማጥ ለማቆም በተወሰደ 2 ግሬን (ትንሽ የክብደት መለኪያ) ኦፒየም ምክንያት በመጣ ሰመመን የተገጠመ።

ሁለቱን በሠንጠረዥ አነጻጽሩ። በጋ ወይስ መኸር? «ማስታገሻ» ወይስ በስሙ የተጠራ ኦፒየም ከነመጠኑ? እንቅልፍና ሕልም ወይስ ሰመመን? ከሁሉም በላይ በእጅ ጽሑፉ ማስታወሻ ውስጥ ከፖርሎክ የመጣ ሰው የለም፤ ሊመለስ የማይችል ብዙ ሌላ እንደነበረ ቢጠቅስም 200 ስንኝ የሚል ቁጥር አይሰጥም። ይህ ማለት መቅድሙ ውሸት ነው ማለት አይደለም። ለኅትመት የተሰናዳ፣ ያልተጨረሰ የሚመስል ግጥምን ለአንባቢ የሚያስተዋውቅ የድርሰቱ አካል ነው ማለት ነው፤ እንደ ሐኪም መዝገብ ሳይሆን እንደ ድርሰት አንብቡት። ጽሑፉም ይለያያል፤ በኅትመቱ «ሁለት ጊዜ አምስት ማይል» ለም መሬት ተከበበ ሲል በእጅ ጽሑፉ «ሁለት ጊዜ ስድስት ማይል» ይላል።

እኛን በቅርብ የሚነካው ልዩነት ግን ሌላ ነው። ከ37ኛው ስንኝ ጀምሮ ገጣሚው በራእይ ስላያት ሐበሻዊት ልጃገረድ ይናገራል፤ ደልሲመር የሚባል የአውታር መሣሪያ እየመታች ስለ አቦራ ተራራ ትዘፍናለች። አቦራ የሚባል ተራራ የትም የለም። በእጅ ጽሑፉ ግን ስሙ «አማራ» ነው። የአማራ ተራራ ደግሞ በአውሮፓውያን መጻሕፍት የታወቀ ስም ነበር፤ ነገሥታቱ ልጆቻቸውንና ወንድሞቻቸውን በጥበቃ የሚያኖሩበት አምባ፣ ማለትም ወሎ ያለው አምባ ግሸን ነው። በ1520ዎቹ ኢትዮጵያ የነበረው ፖርቱጋላዊው ፍራንሲስኮ አልቫሬዝ ስለ አምባው ጻፈ፣ ወሬው ከአንዱ መጽሐፍ ወደ ሌላው ሲሻገር እያማረ ሄደ፣ ፐርቻስ ዘንድ ሲደርስ ምድራዊ ገነት ሆነ። ሚልተንም በ«ፓራዳይስ ሎስት» አራተኛ መጽሐፍ የሐበሻ ነገሥታት ልጆቻቸውን የሚጠብቁበትን የአማራ ተራራ አንዳንዶች እውነተኛው ገነት እንደሚሉት ጠቅሶ፣ የእሱ ኤደን ግን እንደሚበልጠው ተናገረ። በ1790 ደግሞ የጄምስ ብሩስ የዓባይ ምንጭ ፍለጋ ጉዞ በአምስት ቅጽ ወጣ።

እዚህ ላይ ሦስት ዓይነት ስህተት ይሠራል። አንዱ «ኮልሪጅ ስለ ኢትዮጵያ ገጠመ» ማለት ነው። ከ54ቱ ስንኝ ልጅቷና ተራራው የሚይዙት ጥቂቱን ነው፤ ሰውየውም አገሩን የሚያውቀው በመጽሐፍ ብቻ ነው። ሁለተኛው ተቃራኒው ነው፤ ቦታው «የምሥራቅ ጌጥ» ነው ብሎ ማለፍ። ኩብላ ካን በትእዛዝ በሠራው ገነት ውስጥ ጦርነትን የሚተነብይ የአባቶች ድምፅ ይሰማል፤ ገጣሚው በአየር ላይ ሊገነባው የሚመኘው በልጅቷ ዘፈን ነው፣ ዘፈኗም ስለ ሌላ ገነት ነው። እስር ቤትም የሆነ ገነት መሆኑን የግሸንን ታሪክ የሚያውቅ አንባቢ ከሌላው ቀድሞ ያያል። «አማራ» ለምን «አቦራ» እንደሆነ ገጣሚው አልተናገረም፤ ከሚልተን ለመራቅም፣ ለድምፁም ሊሆን ይችላል። ግምታችሁን ስትጽፉ ግምት መሆኑን ግለጹ። ሦስተኛው የትርጉም ነው፦ ደልሲመር በገናም ክራርም አይደለም፤ አውታሩ በትንንሽ መዶሻ የሚመታ፣ ጠፍጣፋ ሣጥን ያለው መሣሪያ ነው። በገና ብትሉት ንጉሥ ዳዊትን ትጠራላችሁ፤ ያ ደግሞ በግጥሙ የሌለ ሰው ነው።

ከዚያ የመጀመሪያዎቹን አምስት ስንኞች ወደ ስድ አማርኛ መልሱ። ለምሳሌ፦ «በዛናዱ ኩብላ ካን ያማረ የደስታ ጉልላት እንዲቆም አዘዘ፤ ቅዱሱ ወንዝ አልፍ፣ ለሰው በማይለኩ ዋሻዎች አድርጎ፣ ፀሐይ ወደሌለው ባሕር በሚወርድበት ቦታ።» «ጉልላት» ስንል የቤተ ክርስቲያን ጉልላት ትዝ ይለናል፤ በእንግሊዝኛው ያ የለም። «አልፍ» ደግሞ በአማርኛ ጆሮ «ማለፍ»ን ያስነሣል፤ ጥሩ አጋጣሚ ነው፣ ግን የገጣሚው አይደለም። እንዲህ ያሉ ጭማሪዎችን በኅዳግ መዝግቡ።

ስለ ኦፒየም አንድ ነገር። ላውደነም የሚባለው በአልኮል የተበጠበጠ ኦፒየም በዘመኑ ለጥርስ፣ ለቁርጥማት፣ ለተቅማጥ የሚሰጥ፣ ከየመድኃኒት መደብሩ ያለ ማዘዣ የሚገዛ ነገር ነበር፤ በብሪታንያ ሽያጩን የሚገድብ ሕግ የወጣው በ1868 ነው። ሱሱ የኮልሪጅን ሕይወት አበላሽቷል። ግጥሙን ግን አይገልጥም፤ የወሰዱት እልፍ ናቸው፣ «ኩብላ ካን»ን የጻፈው አንድ ነው።

ሰምና ወርቅ የለመደ አንባቢ ማወቅ ያለበት

ቅኔ የለመደ ሰው ሰሙን ገፎ ወርቁን ማውጣት ይፈልጋል፤ ይህ ልማድ ለቃል ጥንቃቄ ስለሚያስተምር ትልቅ ሀብት ነው። ኮልሪጅ ላይ ግን ያሳስታል። በ1816 ባወጣው «ዘ ስቴትስማንስ ማንዋል» ውስጥ አሌጎሪና ሲምቦል ይለያሉ ይላል፦ የመጀመሪያው ረቂቅ ሐሳብን በሥዕል መተርጎም ነው፣ ሁለተኛው ግን የሚወክለው ነገር ራሱ ተካፋይ ነው። አልባትሮሱን «ይህ ክርስቶስ ነው» ብላችሁ ስትፈቱት ወፏ ትጠፋለች። ወፏ ወፍ ሆና ሳለች ምን ትሸከማለች ብላችሁ ጠይቁ።

ደረጃ 7፦ «ድባቴ»

ሚያዝያ 4 ቀን 1802 ኮልሪጅ ለሣራ ሃቺንሰን 340 ስንኝ ያለው የግጥም ደብዳቤ ጻፈ። የዎርድስወርዝ እጮኛ እህት ነበረች፤ እሱ ባለትዳር ነበር። በዚያው ዓመት ጥቅምት 4 ቀን በ«ሞርኒንግ ፖስት» ጋዜጣ አጥሮና ተሰውሮ ወጣ፤ ቀኑ የዎርድስወርዝ ሠርግ፣ የራሱም ጋብቻ 7ኛ ዓመት ነበር። የታወቀው ሥሪት 139 ስንኝ ነው። ተጠሪውን ብቻ በየሥሪቱ ተከተሉ፦ በደብዳቤው ሣራ፣ በጋዜጣው ኤድመንድ፣ በ1817 «እመቤት»። የቤት ውስጥ ስቃይ እንዴት ወደ ፍልስፍናዊ ግጥም እንደተለወጠ፣ ምን እንደተቆረጠ በብዕር አስምሩ። የተቆረጠው በአብዛኛው ቅሬታና ራስን መውቀስ ነው፤ የተረፈው የመፍጠር ኃይል ስለመድረቁ የሚናገረው ነው።

«ክሪስታቤል»ን በአንድ ቁጭታ አንብቡት። አላለቀም፤ መጨረሻውን ከሌሎች ሰዎች ወሬ ለመሙላት አትድከሙ።

ደረጃ 8፦ ስድ ንባቡ

«ባዮግራፊያ ሊተራሪያ» (1817) ከመጀመሪያው ገጽ ከተነበበ ተማሪ ያባርራል። በምዕራፍ 14 ጀምሩ፤ የ«ሊሪካል ባላድስ»ን የሥራ ክፍፍልና አንባቢ አለማመኑን ወዶ ለጊዜው ያቆማል የሚለውን ሐሳብ እዚያ ታገኛላችሁ። ከዚያ የምዕራፍ 13ን መጨረሻ፤ ምናብን ከተራ ቅዠት የሚለየውን አንቀጽ አንብቡ። ያ አንቀጽ ከመምጣቱ በፊት ክርክሩ ድንገት ይቋረጣል፤ «ከአንድ ወዳጅ» የመጣ ደብዳቤ ምዕራፉን እንዳይቀጥል ይመክረዋል። ደብዳቤውን የጻፈው ራሱ ኮልሪጅ ነው። በአንድ ዓመት ልዩነት ውስጥ በታተሙ ሁለት ሥራዎች ሁለት አቋራጭ እንግዶች መኖራቸውን ሠንጠረዣችሁ ላይ ጻፉት፤ የፖርሎኩን ሰውዬ ያን ጊዜ በሌላ ዓይን ታዩታላችሁ።

ከመጽሐፉ ስትጠቅሱ አንድ አደጋ አለ። የፍልስፍናው ክፍል ከጀርመናዊው ፈላስፋ ሼሊንግ ሳይጠቀስ የተወሰዱ አንቀጾች አሉበት፤ ይህን ገጣሚው በሞተበት ዓመት፣ በ1834፣ ደራሲው ዴ ኩዊንሲ በይፋ ጽፎታል። «ይህ የኮልሪጅ ግኝት ነው» ከማለታችሁ በፊት የእትሙን ማስታወሻ እዩ።

ደረጃ 9፦ ጽሑፋችሁን መጻፍ

ስለ «ኮልሪጅ ሕይወትና ሥራ» በጠቅላላው አትጻፉ፤ 1500 ቃል ላይ ከልደቱ ሳትርቁ ያልቃል። አንድ ግጥም፣ ሁለት ሥሪት፣ ከ20 ስንኝ ያልበለጠ ክፍል ምረጡ። ጥያቄው በአንድ ዓረፍተ ነገር ይቀመጥ፤ ለምሳሌ «የእናትየዋ ክንድ ከውርጩ ግጥም ሲወጣ ሕፃኑ ምን ሆነ?» ከሕይወት ታሪኩ የምታስገቡት ያንን ጥያቄ የሚያነቃንቅ ከሆነ ብቻ ነው። ሃይጌት ለንደን ውስጥ ዶክተር ጄምስ ጊልማን ቤት በሚያዝያ 1816 ለጥቂት ጊዜ ብሎ ገብቶ እስከ ዕለተ ሞቱ ሐምሌ 25 ቀን 1834 መቆየቱ ስለ ኅዳጉ ማብራሪያ ለሚጽፍ ሰው ይጠቅማል፤ የተረጋጋው የኅዳግ ድምፅ የታተመው እዚያ በገባ ማግሥት ነውና። ስለ ውርጩ ግጥም ለሚጽፍ ግን ትርፍ ነው።

ስንኝ በጠቀሳችሁ ቁጥር ከስንኙ ተራ ቁጥር ጎን የሥሪቱን ዓመት አስቀምጡ፦ «ስንኝ 41፣ 1816» ወይም «ስንኝ 41፣ የእጅ ጽሑፍ»። በተለይ በ41ኛው፤ በአንዱ አቦራ፣ በሌላው አማራ ነው ያለው።